ከፋዩ ማን ነው? ስለ ጃፓን የራግቢ ሊግ ለቀረበ ጥያቄ የተሰጠ ምላሽ

ጥያቄ፦ «የጃፓን የራግቢ ተጫዋቾች ቀን ቢሮ ውለው ከዚያ በኋላ የሚለማመዱ የኩባንያ ሠራተኞች ናቸው ሲባል እሰማለሁ። በሌላ በኩል የዓለም ዋንጫ ያነሡ ደቡብ አፍሪካውያንና ስመ ጥር ኒውዚላንዳውያን እዚያ እንደሚጫወቱ አነባለሁ። ሁለቱ እንዴት በአንድ ሊግ ውስጥ ይገናኛሉ? ሊጉስ እስካሁን ሙሉ በሙሉ ፕሮፌሽናል ያልሆነው ለምንድን ነው?»

ምላሽ፦ የሰሙትም ያነበቡትም እውነት ነው። ቅዳሜ በአንድ ማሊያ ጎን ለጎን ከሚሰለፉት መካከል አንዱ ሰኞ ጠዋት ከረቫቱን አስሮ ሽያጭ ክፍል የሚገባ ሠራተኛ፣ ሌላው ደግሞ በዓለም ገበያ ውድ ከሚባሉት ተጫዋቾች አንዱ ሊሆን ይችላል። ብዙዎች ይህን ሲሰሙ ሊጉ ገና ጀማሪ ነው፣ ወይም ገንዘብ አጥሮታል ብለው ይደመድማሉ። ነገሩ እንደዚያ አይደለም። በሌሎች አገሮች የስፖርት ክለብ የሚኖረው ከተመልካች፣ ከቴሌቪዥንና ከስፖንሰር በሚያገኘው ገንዘብ ነው። የጃፓን ራግቢ ግን ያደገው በኩባንያዎች የሠራተኛ አስተዳደር ክፍል ውስጥ ነው። ስለዚህ ተጫዋቾቹ ምን ዓይነት ሰዎች ናቸው ከሚለው ይልቅ ደመወዛቸውን የሚከፍለው ማን ነው ብሎ መነሣት ወደ መልሱ ቶሎ ያደርሳል። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ራግቢ ወደ ጃፓን የገባው በ1899 በኬዮ ዩኒቨርሲቲ በኩል ሲሆን፣ ለረጅም ዘመን የተማሪዎች ጨዋታ ሆኖ ኖሯል። በ1982 የዋሴዳና የሜጂ ዩኒቨርሲቲዎች ግጥሚያ ከስልሳ ሺህ በላይ ሰው ወደ ቶኪዮ ብሔራዊ ስታዲየም ስቧል። ተማሪው ሲመረቅ ግን ጨዋታውን የሚቀጥልበት ክለብ አልነበረም። ክፍተቱን የሞሉት ብረት አቅላጮች፣ መኪና ሠሪዎችና የኤሌክትሪክ ዕቃ አምራቾች ናቸው። ኩባንያው ተመራቂውን በቋሚነት ይቀጥረዋል፣ ሜዳና አሠልጣኝ ያቀርብለታል፤ ወጣቱም እንደ ማንኛውም ባልደረባው ደመወዙን እየተቀበለ ይጫወታል። ኩባንያውም የሚያተርፈው አለ፦ ሠራተኛው በአንድ ቡድን ስም ይሰባሰባል፣ የድርጅቱ ስም በጋዜጣ ይወጣል፣ ከጥሩ ዩኒቨርሲቲ የወጣ ጠንካራና ታዛዥ ወጣትም ይገኛል። ንግድ ባንክን፣ መብራት ኃይልንና መድንን የሚያውቅ አንባቢ መሥሪያ ቤት ያቆመው ቡድን ምን እንደሆነ ብዙ ማብራሪያ አያስፈልገውም። ልዩነቱ የጃፓኑ ተጫዋች ስም ብቻ ሳይሆን እውነተኛ የቢሮ ወንበርም ያለው መሆኑ ነው።

ይህ ሥርዓት ከፍታው ላይ የደረሰው ካማይሺ በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። ካማይሺ በሰሜን ምሥራቅ ጃፓን በኢዋቴ ግዛት በተራራና በባሕር መካከል ተጣብቃ የምትገኝ፣ በኒፖን ስቲል የብረት ፋብሪካ የምትተዳደር ከተማ ነበረች። የፋብሪካው ሠራተኞች ቡድን ከ1979 እስከ 1985 ሰባት ጊዜ በተከታታይ የጃፓን ሻምፒዮን ሆነ። በዚያን ጊዜ የዩኒቨርሲቲዎቹ ሻምፒዮንና የኩባንያዎቹ ሻምፒዮን የሚገናኙት በየዓመቱ ጃንዋሪ 15 ቀን ነበር። ዕለቱ ለአካለ መጠን የደረሱ ወጣቶች የሚከበሩበት በዓል ስለነበረ ባለ ኪሞኖ ወጣቶችና የራግቢ ተመልካቾች በአንድ ቀን ከተማውን ይሞሉታል። ቀይ ማሊያ የለበሱት የካማይሺ ሰዎች ከቶኪዮ ታላላቅ ዩኒቨርሲቲዎች የመጡ ኮከቦች ስብስብ አልነበሩም። ብዙዎቹ በአካባቢው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን ጨርሰው ፋብሪካው የገቡ ናቸው፤ ጨዋታውን የሚመራው ዩጂ ማትሱኦ ነበር።

በዚያው አሥር ዓመት መጨረሻ ላይ ኒፖን ስቲል በካማይሺ የነበረውን ምድጃ አጠፋ። ሥራው ቀነሰ፣ ሕዝቡ ተሰደደ፣ ቡድኑም ተዳከመ። በ2001 ኩባንያው እጁን ሲሰበስብ የከተማው ሰዎች ካማይሺ ሲዌቭስ በሚል ስም የሕዝብ ክለብ አድርገው አቆዩት። በማርች 2011 ሱናሚው ከተማውን ሲያጠፋ፣ በክለቡ ይጫወት የነበረው አውስትራሊያዊ ስኮት ፋርዲ ልሂድ ሳይል ከቡድን ጓደኞቹ ጋር የእርዳታ ዕቃ ሲያጓጉዝ ሰነበተ። ኋላ ለአገሩ ብሔራዊ ቡድን የተጫወተው ያው ሰው ነው። ለ2019 የዓለም ዋንጫ ሱናሚው ባፈረሳቸው የኡኖሱማይ ትምህርት ቤቶች ቦታ ላይ ስታዲየም ተሠራ፤ ኡራጓይም ፊጂን 30 ለ27 ያሸነፈችው በዚያ ነው። ካማይሺን ያስረዘምኩት ሆን ብዬ ነው። ኩባንያ ከትንሽ ከተማ የአገር ሻምፒዮን ሊያወጣ እንደሚችል፣ ፋብሪካው ሲቀዘቅዝ ደግሞ ሁሉም ነገር እንደሚንኮታኮት ከካማይሺ በላይ የሚያሳይ የለም።

ከካማይሺ በኋላ ኮቤ ስቲል ተነሣ። በሴይጂ ሂራኦ መሪነት እርሱም ከ1989 እስከ 1995 ሰባት ተከታታይ ዋንጫ ወሰደ። ሰባተኛውን ያነሣው ጃንዋሪ 15 ቀን 1995 ዳይቶ ቡንካ ዩኒቨርሲቲን 102 ለ14 ረትቶ ነው። ከሁለት ቀን በኋላ ማለዳ ላይ ኮቤ ከተማ በርዕደ መሬት ተመታች፤ ከስድስት ሺህ በላይ ሰው አለቀ፣ የኩባንያው ፋብሪካና ዋና መሥሪያ ቤትም ክፉኛ ተጎዱ። ስምንተኛው ተከታታይ ዋንጫ አልመጣም።

በዚያው ዓመት ጁን ወር በደቡብ አፍሪካው የዓለም ዋንጫ ብሉምፎንቴይን ላይ ኒውዚላንድ ጃፓንን 145 ለ17 አሸነፈች። ውጤቱ የጃፓን ራግቢ ለብዙ ዓመታት የተሸከመው ውርደት ነው። ከሁለት ወር በኋላ ዓለም አቀፉ የራግቢ ቦርድ ፓሪስ ላይ ተሰብስቦ የአማተርነትን ደንብ ሻረ፤ ከዚያን ቀን ጀምሮ ለተጫዋች በይፋ መክፈል ተፈቀደ። እንግሊዝ፣ ፈረንሳይና የደቡቡ ንፍቀ ክበብ አገሮች ወዲያው ወደ ፕሮፌሽናልነት ሲሮጡ ጃፓን አመነታች። ምክንያቱ ግልጽ ነው። በሌላው ዓለም ተጫዋች ደመወዝ የሌለው ሰው ነበር፤ ክፍያ ሲመጣ ሁሉንም ነገር አተረፈ። ጃፓናዊው ግን አስቀድሞም ደመወዝ፣ ጡረታና የሥራ ዋስትና ነበረው። የፕሮፌሽናል ውል ፈረመ ማለት የዕድሜ ልክ እንጀራውን ለአሥር ዓመት ባልበለጠ የስፖርት ዘመን ለወጠ ማለት ነው። እኔ በቦታው ብሆን በቀላሉ አልፈርምም ነበር።

ለውጡ የመጣው በ2003 ነው። እስከዚያ ድረስ የኩባንያ ቡድኖች በየክልላቸው ሊግ ተጫውተው በዓመቱ መጨረሻ ብቻ ይገናኙ ስለነበር፣ ጠንካራው ቡድን አብዛኛውን ወቅት የሚያሳልፈው ደካሞችን ሲያሸንፍ ነበር። በዚያ ዓመት አሥራ ሁለት ቡድኖች ያሉት አገር አቀፍ የቶፕ ሊግ ተመሠረተ፤ በ2006 ወደ አሥራ አራት፣ በ2013 ወደ አሥራ ስድስት አደገ። በየሳምንቱ ከእኩያ ጋር መጋጠም ተጫዋቹን ቀየረው። በቶኪዮ ምዕራብ በምትገኘው በፉቹ ከተማ ጎረቤት የሆኑት ቶሺባና ሳንቶሪ፣ እንዲሁም ኋላ ፓናሶኒክ የሆነው ሳንዮ ዋንጫውን ሲቀባበሉት ኖሩ። ጥያቄዎ ላይ ያሉት ሁለት ዓይነት ተጫዋቾችም በይፋ አብረው መኖር የጀመሩት በዚህ ዘመን ነው። አንደኛው ሠራተኛ ተጫዋች ሲሆን ሁለተኛው ባለ ውል ፕሮፌሽናል ነው።

የሠራተኛ ተጫዋቹ ውሎ ከቡድን ቡድን ቢለያይም መልኩ ተመሳሳይ ነው። ጠዋት እንደ ባልደረቦቹ ቢሮ ይገባል፣ ደብዳቤ ይጽፋል፣ ደንበኛ ያነጋግራል፤ ከሰዓት በኋላ ወይም ሥራ ሲያበቃ ወደ ልምምድ ሜዳ ይሄዳል። ዋናው ወቅት ሲደርስ የቢሮው ሰዓት ያጥራል። ደመወዙ የሚታሰበው አብረውት በተቀጠሩት እርከን ነው። ጉልበቱ ቢሰበር ወይም ከቋሚ አሰላለፍ ቢወጣ ከሥራው አይወጣም፤ በሠላሳዎቹ ዕድሜ ጫማውን ሲሰቅልም በማግሥቱ ሙሉ ጊዜ ወደ ጠረጴዛው ይመለሳል፣ እድገቱን ይጠብቃል። በሌሎች አገሮች ጡረታ የወጡ ተጫዋቾች በገንዘብና በመንፈስ ሲቸገሩ ለተመለከተ ሰው ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። ዋጋውም አለ፦ ድካም፣ የማገገሚያ ሰዓት ማነስ፣ አንዳንዴም አጠገቡ ያለው ፕሮፌሽናል ተኝቶ ሲያርፍ እርሱ ስብሰባ ላይ መቀመጡ።

ሥርዓቱ ትልቁን ድክመት ያሳየው ደግሞ በትልቁ ድል ማግሥት ነው። ሴፕቴምበር 19 ቀን 2015 በእንግሊዙ የዓለም ዋንጫ ብራይተን ላይ በኤዲ ጆንስ የሚሠለጥነው የጃፓን ቡድን ደቡብ አፍሪካን 34 ለ32 አሸነፈ። በመጨረሻዎቹ ደቂቃዎች ጃፓን በቅጣት ምት ሦስት ነጥብ አግኝታ እኩል መውጣት ትችል ነበር፤ ካፒቴኑ ማይክል ሊች ግን ለማሸነፍ መረጠ፣ ካርን ሄስኬትም በጥግ በኩል ኳሷን አሳረፈ። ጃፓን በራግቢ ሰከረች። በኖቬምበር የቶፕ ሊግ ወቅት ሲከፈት ፓናሶኒክና ሳንቶሪ በቶኪዮ ልዑል ቺቺቡ ስታዲየም ተገናኙ። ትኬት አልቋል ተብሎ ሰው እየተመለሰ ነው። ጨዋታው ሲጀመር ግን ከሃያ ሺህ በላይ መቀመጫ ባለው ስታዲየም ውስጥ የተገኘው ተመልካች ከአሥር ሺህ ብዙም አይበልጥም ነበር። የቀሩት ወንበሮች ትኬት እንደ ወትሮው ለኩባንያዎች ተከፋፍሎ በሠራተኞች መሳቢያ ውስጥ ቀርቶ ነበር። ጨዋታውን የሚያዘጋጀውና ትኬቱን የሚሸጠው የራግቢ ማኅበሩ እንጂ ክለቦቹ አልነበሩም፤ ክለቦቹ ደግሞ በጀታቸው ከኩባንያው ስለሚመጣ ወንበሩ ቢሞላም ባይሞላም የሚጎድልባቸው ነገር የለም። ማኅበሩ ይቅርታ ጠየቀ። ለእኔ የሊጉ ችግር ሁሉ በእነዚያ ባዶ ወንበሮች ላይ ተጽፎ ይነበባል፦ ቡድኑን ማየት ለሚፈልግ ተመልካች ትኬት የሚደርስበት መንገድ አልነበረም፤ ቡድኑም ተመልካቹን የመፈለግ ግዴታ አልነበረበትም።

እግር ኳሱ ከዚህ አዙሪት የወጣው ቀደም ብሎ ነው። ጄ ሊግ በ1993 ሲጀመር ክለቦች የኩባንያ ስም ጥለው የከተማ ስም እንዲይዙ አስገደደ። በራግቢም ተመሳሳይ ሐሳብ ቀርቦ ነበር። በ2019 የማኅበሩ ምክትል ፕሬዚዳንት የሆነው የቀድሞው የሳንቶሪና የያማሃ አሠልጣኝ ካትሱዩኪ ኪዮሚያ፣ የዓለም ዋንጫው በሚካሄድባቸው አሥራ ሁለት ከተሞች መሠረት አድርጎ በ2021 የሚጀምር ፕሮፌሽናል ሊግ ይቋቋም ብሎ ተነሣ። ወቅቱ ከዚያ የተሻለ ሊሆን አይችልም። ጃፓን አየርላንድን 19 ለ12፣ አውሎ ነፋስ ባለፈ ማግሥት ደግሞ ስኮትላንድን 28 ለ21 አሸንፋ ለመጀመሪያ ጊዜ ሩብ ፍጻሜ ገባች። ሆኖም ውሳኔው የሚወድቀው ገንዘቡን በሚያወጡት ላይ ነው። ባለቤት ኩባንያዎች ሠራተኛ ተጫዋቾቻቸውን ወደ ሌላ ድርጅት ማዛወር፣ ስማቸውን ማውረድ፣ ኪሳራውንም ለባለ አክሲዮኖች እንደ ንግድ ማስረዳት አልፈለጉም። አሁን ለሠራተኛ ደኅንነትና ለማስታወቂያ የሚወጣ ወጪ ተብሎ የሚያልፈው ገንዘብ፣ ክለቡ ራሱን የቻለ ኩባንያ ሲሆን ኪሳራ ተብሎ በግልጽ ይታያል። ለጥያቄዎ ሁለተኛ ክፍል አጭሩ መልስ ይኸው ነው።

ስምምነት ላይ የተደረሰበት መካከለኛ መንገድ በጃንዋሪ 2022 የተጀመረው ሊግ ዋን ነው። ሃያ አራት ቡድኖች በሦስት ምድብ ተከፈሉ፤ በላይኛው አሥራ ሁለት፣ ከታች ባሉት ስድስት ስድስት። እያንዳንዱ ቡድን የሚወክለውን አካባቢ መርጦ እንዲያስታውቅ ተደረገ፤ የኩባንያ ስም ግን አልተከለከለም። ሳይታማ ፓናሶኒክ ዋይልድ ናይትስ፣ ዮኮሃማ ካነን ኢግልስ የሚሉት ረጃጅም ስሞች የዚያ ስምምነት ውጤት ናቸው። ከስሙ የሚበልጠው ለውጥ በሜዳው ጨዋታን የማዘጋጀት መብትና ትኬት የመሸጥ ኃላፊነት ወደ ክለቦች መተላለፉ ነው። ዋይልድ ናይትስ ከጉንማዋ ኦታ ተነሥቶ ለዓለም ዋንጫው ወደታደሰው የኩማጋያ ስታዲየም አጠገብ ተዛወረ። የያማሃ ቡድን ደግሞ ሺዙኦካ ብሉ ሬቭስ የሚባል ራሱን የቻለ ኩባንያ ሆነ። ተጫዋቹ ግን ሠራተኛም ፕሮፌሽናልም የመሆን ምርጫው እንደተጠበቀ ነው። የመክፈቻው ጨዋታ በኮቪድ ምክንያት ቢሰረዝም በ2024 የፍጻሜ ጨዋታ፣ ቶሺባ ዋይልድ ናይትስን 24 ለ20 ባሸነፈበት ቀን፣ 56,486 ሰው ብሔራዊ ስታዲየም ገብቷል።

አሁን ወደ ኮከቦቹ። በ2023 ፓሪስ ላይ ደቡብ አፍሪካ ኒውዚላንድን 12 ለ11 ያሸነፈችበትን የዓለም ዋንጫ የፍጻሜ ጨዋታ ያስታውሱ። የዕለቱ ምርጥ የተባለው ደቡብ አፍሪካዊው ፒተር ስቴፍ ዱ ቶይት የቶዮታ ተጫዋች ነበር፤ ፋፍ ደ ክለርክ የዮኮሃማ፣ ዳሚያን ደ አሌንዴ የሳይታማ፣ ክዋጋ ስሚዝ የሺዙኦካ። ከዚያ ጨዋታ በኋላ ከኒውዚላንዳውያኑ ሪቺ ሞኡንጋ ወደ ቶሺባ፣ አሮን ስሚዝና ቦደን ባሬት ወደ ቶዮታ፣ ብሮዲ ሬታሊክና አርዲ ሳቪያ ወደ ኮቤ ሄዱ። ከገንዘቡ ሌላ የሚስባቸው ነገር አለ። ወቅቱ ከእንግሊዝና ከፈረንሳይ ሊጎች ያጠረ ስለሆነ ሰውነታቸው ያርፋል። ደቡብ አፍሪካ ውጭ የሚጫወቱትን ለብሔራዊ ቡድን ትመርጣለች፤ ኒውዚላንድ ደግሞ ለአንዳንዶቹ በውላቸው ውስጥ የአንድ ወቅት ፈቃድ ትሰጣለች። ኩባንያው ደመወዛቸውን ከትኬት ገቢ ስለማያወጣ፣ በስታዲየሙ የገባው ሰው ማነስ የተጫዋቹን ክፍያ አያናጋውም። የጃፓን ሊግ ከፍተኛ ገንዘብ ሊከፍል የቻለው ፕሮፌሽናል ባለመሆኑ ነው ብል እንግዳ ሊመስል ይችላል፤ ግን እንደዚያ ነው።

የአገሬው ልጅ ቦታ እንዳያጣ ሊጉ ተጫዋቾችን በምድብ ከፍሏል፦ ለጃፓን መጫወት የሚችሉ፣ ወደፊት ሊችሉ የሚችሉና ለሌላ አገር የተጫወቱ። ሊጉ ሲጀመር በወጣው ደንብ ከመጨረሻዎቹ በአንድ ጊዜ ሜዳ ላይ ሊኖሩ የሚችሉት ሦስት ብቻ ናቸው። እንደ እኔ አመለካከት ደንቡ ቁጥሩን እንጂ ሚናውን አልጠበቀም። ጨዋታውን የሚመሩት ቦታዎች ብዙ ጊዜ በእንግዶቹ ይያዛሉ፤ ጃፓናዊው ወጣት ተጫዋች ከዓለም ምርጦች ጋር በመለማመድ ይማራል፣ ውሳኔ የመስጠቱን ሸክም ግን አይለምድም። ሱፐር ራግቢ በሚባለው የደቡቡ ንፍቀ ክበብ ክለቦች ውድድር ይሳተፍ የነበረው የጃፓኑ ሰንዎልቭስ ከ2020 በኋላ ሲፈርስ ያ ትምህርት ቤት ተዘጋ። ጃፓን በ2023 የዓለም ዋንጫ ከምድቧ ማለፍ አለመቻሏን ከዚህ ለይቼ አላየውም።

ኬንኪ ፉኩኦካን ሳልጠቅስ ማለፍ አልፈልግም። በ2019 በአየርላንድ ላይ የድሉን ትራይ (ኳስን ከተጋጣሚ የግብ መስመር ማዶ መሬት ላይ በማሳረፍ የሚገኝ ነጥብ)፣ በስኮትላንድ ላይ ሁለት ትራይ ያስቆጠረው የክንፍ ተጫዋች ነው። የሐኪም ቤተሰብ ልጅ ነበር፤ በ2021 የጁንተንዶ ዩኒቨርሲቲን የሕክምና መግቢያ ፈተና አልፎ፣ በዚያው ዓመት ሜይ ወር የቶፕ ሊግ የመጨረሻ ፍጻሜ ላይ ለፓናሶኒክ ትራይ አስቆጥሮ ዋንጫውን አንሥቶ፣ በሃያ ስምንት ዓመቱ ጨዋታ አቆመ። ራግቢን የሕይወት አንድ ክፍል እንጂ ሙሉ ሕይወት አድርጎ የማያይ ባህል ብቻ ነው እንደዚህ ያለ ሰው የሚያወጣው። ሙሉ ፕሮፌሽናልነት ይምጣ የሚሉ ወዳጆቼ ይህንን በቀላሉ ሲያልፉት ያሳዝነኛል።

የኩባንያው ጥላ ግን አንድ ቀን ሊነሣ ይችላል። ኮካ ኮላ ሬድ ስፓርክስን በ2021 ዘጋ፤ በሚቀጥለው ዓመት ሙናካታ ሳኒክስ ብሉስ ተበተነ፤ የቴሌኮም ኩባንያው ኤንቲቲ ሁለት ቡድኖቹን እንደገና አደራጅቶ ዋናውን ኃይል በኡራያሱ አሰባሰበ። ከእነዚህ ውስጥ አንዱም በሜዳ ላይ ውጤት ምክንያት አልተወሰነም፤ ሁሉም የቦርድ ስብሰባ ውሳኔዎች ናቸው። ሁለቱ የተዘጉት ቡድኖች መቀመጫቸው ራግቢ ሥር በሰደደበት በፉኩኦካ ግዛት ነበር፤ በዚያ የሚያድግ ልጅ የሚመኛቸው ቡድኖች በሁለት ቀነሱ።

ስለዚህ ሠራተኛ ተጫዋችን ማጥፋት አይገባም እላለሁ። መለወጥ ያለበት የክለቡ ባለቤትነት ነው። የሺዙኦካ መንገድ ይህን ያሳያል፦ ያማሃ ዋናው ደጋፊ ሆኖ ቀርቷል፤ ክለቡ ግን የራሱ ሒሳብ፣ የራሱ ትኬት ሻጭና ሌሎች ስፖንሰሮች አሉት። ያማሃ ነገ ቢወጣ የሚሸጥ ወይም የሚረከቡት ነገር አለ። በላይኛው ምድብ ያሉት አሥራ ሁለቱ እዚህ ደረጃ እስኪደርሱ ድረስ፣ ሊጉን የሚከታተል ሰው ከውጤት ሠንጠረዡ እኩል የባለቤቶቹን የዓመት የሒሳብ ሪፖርት ማየት ይኖርበታል።